ከ«እንደምን አመሻችሁ» በኋላ

እኔ ሰው አቋርጣለሁ። አሶሳ ውስጥ ይህን የማያውቅ የለም። ባጃጅ ስሳፈር ሹፌሩ በመስታወቱ አየት ያደርገኝና «ዛሬስ ማንን ልታፋጥጪ ነው?» ይለኛል። አትክልት የምገዛባት ሴትዮ ደግሞ «ባለፈው ያንን ሰውዬ እንዴት አድርገሽ ላብ በላብ አደረግሽው!» ብላ ማንጎ ትመርቅልኛለች። የሚጠሉኝም ሞልተዋል፤ እነሱ ማንጎ አይመርቁም።

ምን ላድርግ፣ ያንገበግበኛላ! አንዱ ኃላፊ ይመጣል። ውሃው ለምን እንደጠፋ እጠይቀዋለሁ። «በመጀመሪያ ደረጃ ይህን ዕድል ስለሰጣችሁኝ...» ብሎ ይጀምራል። «ምስጋናው ይቆየን፤ ውሃውስ?» እለዋለሁ። «ከባለድርሻ አካላት ጋር በመቀናጀት» ሲል «ከእነማን ጋር?» እላለሁ። ሰው ተጠየቀ ማለት ይመልስ ማለት ነው። ይኼ ምኑ ይከብዳል?

ፕሮግራሜ «ወንበሩ» ይባላል። ሐሙስ ሐሙስ ማታ ከሁለት ሰዓት ዜና በኋላ በቀጥታ ይተላለፋል። ሁለት ወንበር፣ አንድ ጠረጴዛ፣ ከኋላችን የከተማዋ ፎቶ። የእንግዳው ወንበር ከእኔው ትንሽ ጠንከር ይላል። ሆን ብዬ ነው ያስመረጥኩት፤ ተመቻችቶ የተቀመጠ ሰው ብዙ ያወራል።

ይህችው ሰው የማታስጨርስ ሴት ግን አንድ ቦታ ላይ ዝም ትላለች። «እንደምን አመሻችሁ» እልና ካሜራውን እያየሁ ዝም እላለሁ። አንድ ሰው በርጋታ ሰላምታ እስኪመልስ የምትበቃ ዝምታ ናት። ከዚያ «ሊድያ ሀብቱ ነኝ» ብዬ እቀጥላለሁ። ተመልካቹ «ግርማ ሞገሷ!» ይላል። ከእኔ በኋላ የመጡት ልጆች ኮርጀውኛል፤ ምክንያቱን ስለማያውቁ ግን ዝም ብለው ዓይናቸውን ያፈጣሉ።

ዝምታዋ የእናቴ ናት።

እናቴ ማሚቱ ከማንቡክ ወጣ ባለች የሰፈራ መንደር ትኖራለች። በደርግ ጊዜ ከአባቴ ጋር ከወሎ መጥታ እዚያው ቀረች። አባቴ ሲሞት ዘመድ ሁሉ «ወደ አገርሽ ግቢ» ሲላት፣ «የትኛው አገሬ? ይኼን ሰሊጥ ማን ሊያርምልኝ ነው?» ብላ ሁሉንም ዝም አሰኘች። ሰሊጥ ሸጣ ነው ቴሌቪዥን የገዛችው። ዲሹን የሚያስተካክል ሰው ሲጠፋ ራሷ ቆርቆሮው ላይ ወጥታ አዙራዋለች፤ እኔ ከታች «መጣ! ሄደ! መጣ!» እያልኩ።

እናቴ ቴሌቪዥን ታናግራለች። በእሷ ዕድሜ ያለ ሰው ብዙው እንዲሁ ነው መሰለኝ። ዜና አንባቢው «እንደምን አመሻችሁ» ሲል እሷ ቀና ትላለች፣ ነጠላዋን ታስተካክላለች፣ «እግዚአብሔር ይመስገን፣ አንተስ እንዴት አመሸህ ልጄ?» ትላለች። ልጅ ሆኜ ሆዴን ይዤ እስቅባት ነበር።

«እማዬ፣ እሱ እኮ አይሰማሽም!»

«ባይሰማኝስ? ሰው ሰላም ሲልሽ ዝም ትያለሽ? ምን ዓይነት ብልግና ነው!»

አድጌ፣ ተምሬ፣ አሶሳ ተቀጥሬ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በቴሌቪዥን የቀረብኩ ለታ፣ ገና ማይኩን ከደረቴ ሳልፈታ ደወለችልኝ። እሰይ የኔ ልጅ፣ ኮራሁብሽ ልትለኝ ነው ብዬ ጆሮዬን ቀሰርኩ።

«ምነው እንዲህ ትከንፊያለሽ?» አለችኝ። «ሰላም ብለሽኝ፣ እኔ ገና እግዚአብሔር ስል፣ አንቺ በጀት ምናምን ውስጥ ገባሽ። ሰላም ያልሽውን ሰው መልሱን ጠብቂው እንጂ!»

«እሺ እማዬ፣ እጠብቅሻለሁ።»

«እሰይ። ደግሞ ከስተሻል። በልተሻል?»

«በልቻለሁ።»

ከዚያ ወዲህ ሁልጊዜ እጠብቃታለሁ። ፕሮግራሙ ሲያልቅ ትደውልና ትገመግመኛለች። «ዛሬ ደህና ነው፤ አንቺስ እንዴት ነሽ የኔ እናት ብዬ ጨርሻለሁ። በልተሻል ላይ ስደርስ ግን አቋረጥሽኝ» ትለኛለች። ከዚያ በላይ ዝም ካልኩ እንደሚያባርሩኝ ስነግራት ደግሞ፣ «ምን ያስቸኩላቸዋል? ሌሊቱ የነሱ አይደለም እንዴ?» ብላ ትስቃለች። ሳቋ ስልኩ ውስጥ ይንሿሿል። አሁን ያ ሳቅ ምን ያህል እንደናፈቀኝ ብናገር የሚያምነኝ የለም።

አሶሳና ማንቡክ አንድ ክልል ናቸው። ካርታ ላይ ብታዩአቸው ቡና የሚጠራሩ ጎረቤቶች ይመስላሉ። መሃላቸው ግን ዓባይ አለ፤ እናቴ ጋ ለመድረስ ከክልሌ ወጥቼ፣ አዲስ አበባ ደርሼ፣ በጎጃም ዞሬ፣ ተመልሼ ክልሌ መግባት አለብኝ። ሰላም በነበረ ጊዜ ይኼ ያስቀን ነበር። ከዚያ ማንቡክ ያለችበት የመተከል ዞን ታመሰ። መንገዱ ተዘጋ። ስልኩም ተከትሎ ጠፋ። እናቴ ጋ በደወልኩ ቁጥር «የደወሉላቸው ደንበኛ...» የምትለዋ ልጅ ትመጣለች። እንዴት እንደጠላኋት! ማቋረጥ የማይቻል ሰው ዓለም ላይ ቢኖር እሷ ብቻ ናት።

አንዴ ፈቃድ ወስጄ እስከ ግልገል በለስ ደርሻለሁ። ከዚያ ወዲያ መኪና አይሄድም አሉኝ። የማላውቀውን ሹፌር ሁሉ ለመንኩ። መናኸሪያው ውስጥ ሻንጣዬ ላይ ተቀምጬ ያለቀስኩትን አልቅሼ ተመለስኩ። ሐሙስ መድረስ ነበረብኛ! እዚያ ባልደርስላትም፣ ቢያንስ ቴሌቪዥኑ ላይ ልድረስላት።

የቀረችኝ ያቺ ዝምታ ናት። እናቴ ታየኛለች፣ እኔ አላያትም፤ እንዲህ ብዬ ነው ራሴን የማጽናናው። ሐሙስ ደርሶ «እንደምን አመሻችሁ» ስል ካሜራው ውስጥ ነጠላዋን ስታስተካክል ትታየኛለች። ሳምንቱን ሙሉ የማወራው ለሕዝብ ነው፤ ያቺ ዝምታ ብቻ ናት የእሷ። ከመንገድ ጉዳይ ጋር የተያያዘ ኃላፊ በመጣ ቁጥር ደግሞ አንዲት ጥያቄ አለችኝ። «ሕዝቡ ከአሶሳ መተከል ደርሶ የሚመለሰው መቼ ነው?» ሕዝቡ እላለሁ እንጂ ሕዝቡ ማን እንደሆነ እኔ አውቃለሁ።

ይኼን የሚያውቅልኝ ካሜራማናችን ኻሚስ ብቻ ነው። የሆሞሻ ልጅ ነው፣ አፉን የፈታው በበርታኛ ነው፤ ሲያወራ ወንዱም ሴቱም «አንተ» ነው። ማረም ከተውኩ ቆየሁ፤ ጭራሽ ለምጄው «አንቺ» ቢለኝ የተጣላን ነው የሚመስለኝ። ዝም ስል እሱ ከካሜራው ኋላ ጣቱን ወደ ላይ ያነሳና እስክቀጥል አያወርደውም። አንዴ እንዲህ አለኝ፦

«የኔ አባት ሆሞሻ ቁጭ ብሎ አልሐምዱሊላህ ይልሃል። ወላሂ። አንተ ዝም በል። ሽማግሌ ሁሉ ይመልስ።»

እንዲህ እያልን ሳለ ኤጀታ መጣ። አዲሱ የፕሮግራም ኃላፊያችን ነው፣ የባምባሲ ሰው፣ ዝግ ብሎ የሚናገር፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ የማያውቅ። ክፉ ቢሆን እንዴት በቀለለኝ! ሰኞ ቢሮው አስጠራኝ።

«ቁጭ በይ ሊድያ።»

«ቆሜ ይሻለኛል።»

«እንደፈለግሽ። ከሚቀጥለው ሳምንት ጀምሮ 'ወንበሩ' በቀጥታ አይተላለፍም። ረቡዕ ተቀርጾ፣ ተስተካክሎ ሐሙስ ይወጣል። እንግዶች ቅሬታ አላቸው።»

«ይኑራቸው!»

«ደግሞ ያቺ ዝምታ...»

«የቷ?» አልኩት። የቷ እንደሆነችማ አውቃለሁ።

«ከሰላምታ በኋላ ያለችው። ሰው ቴሌቪዥኑ የተበላሸ ይመስለዋል፣ ቻናል ይቀይራል። እሷን ኤዲተሩ ይቆርጣታል፤ አንቺ አትጨነቂ።»

አትጨነቂ አለኝ! ደሜ ፈላ። «እሷን የነካችሁ ቀን ሥራዬን እለቃለሁ» አልኩት።

«ማሎ፣ ሊድያ! ለአንዲት ዝምታ?» አለ፣ በኦሮምኛው እየለመነኝ።

«ለአንዲት ዝምታ!»

ስለ እናቴ ልነግረው አፌን ከፈትኩ፤ አልወጣልኝም። ሌላውን ሰው እያፋጠጡ ማናገር ሙያዬ ነው፤ የራሴ ሲሆን አልችልበትም። ወጥቼ በሩን ወረወርኩት። ኮሪደሩ ላይ ስደርስ ነው የገባኝ። ብለቅ እናቴ ቴሌቪዥኑን ከፍታ ሌላ ሰው ልታይ ነው። ብቆይ ደግሞ ሰላም ብያት፣ እሷ ገና እግዚአብሔር ስትል፣ አልፌያት ልሄድ ነው። የቱን ልምረጥ? ሦስት ቀን እህል አልወረደልኝም።

ሐሙስ ደረሰ። ከሰዓት በኋላ፣ ለመጨረሻው የቀጥታ ስርጭት ጥያቄዎቼን እያዘጋጀሁ ሳለ ጥበቃው ደወለልኝ። «አንዲት እናት እዚህ በር ላይ ቆመዋል። ሊድያን ሳላይ አልንቀሳቀስም ይላሉ።»

አቤቱታ ነው ብዬ እያጉረመረምኩ ወረድኩ። ኸድራ ናት! የእናቴ ጎረቤት ኸድራ፣ አጥራችን አንድ የሆነ፤ ልጅ ሆኜ እሷ ቤት በልቼ እኛ ቤት የምተኛ ነበርኩ። ልጇ እዚሁ አሶሳ አጠገብ ጾሬ የስደተኞች መጠለያ ውስጥ ትሠራለች። መንደሩን በእጀባ ከለቀቁት ጋር ወጥታ፣ በጎጃም በአዲስ አበባ ዞራ፣ ልጇ ጋ መምጣቷ ነው። አንገቷ ላይ ተጠመጠምኩ።

«አብሽሪ» አለችኝ፣ እናቴ እንደምትለው አድርጋ። «አብሽሪ ልጄ። እናትሽ ደህና ናት። ጉልበቷን አመም ያደርጋታል እንጂ ደህና ናት። ተመስገን በይ።»

ጥበቃው ወንበሩን ለቀቀልኝ። ቁጭ ብዬ ትንሽ ተነፈስኩ። ከዚያ የሐሙሱን ነገር ጠየቅኳት።

«ሐሙስ ሐሙስ ታየኛለች አይደል?»

«በምን?»

«በቴሌቪዥን ነዋ!»

«ኧረ የምን ቴሌቪዥን አመጣሽ!» አለች ኸድራ። «መብራት ከሄደ እኮ ቆየ። መንገዱ የተዘጋ ሰሞን ነው ምሰሶው የወደቀው። ማን መጥቶ ያንሳው? መንደሩ በሙሉ በኩራዝ ነው።»

እኔ፣ የመብራት ነገር የሚመለከተው ሰው በመጣ ቁጥር የአሶሳን መብራት መጥፋት እየጠቀስኩ ሳፋጥጥ የኖርኩት ሴት፣ እናቴ ቤት መብራት ይኑር አይኑር አንድ ቀን ጠይቄ አላውቅም። በእኔ ቤት እሷ አሁንም እዚያው፣ የበራ ቴሌቪዥን ፊት ናት። ያ ሁሉ ሐሙስ፣ ያ ሁሉ ዝምታ ለማን ነበር? ለማንም! ለኩራዝ!

ኤጀታ ደስ ይበለው፣ ይቁረጣት ብዬ አሰብኩ።

«ምነው ፊትሽ እንዲህ ሆነ?» አለች ኸድራ። ነገርኳት። ለኤጀታ መናገር ያቃተኝን ለእሷ አንድ ሳላስቀር ነገርኳት፤ ሰላምታውን፣ መልስ እስክትጨርስ መጠበቄን፣ ዝምታዋን። ኸድራ እየሰማችኝ እጇን አፏ ላይ ጫነች።

«ያ ረቢ! ለካ እሱን ነው!»

«ምኑን?»

«እናትሽ ሐሙስ ከገበያ ስትገባ እግሯን ትታጠባለች፣ ነጠላዋን ትደርባለች፣ ያንን የሞተ ቴሌቪዥን አቧራውን ትጠርግና ፊት ለፊቱ ቁጭ ትላለች። ጨለም ሲል ብቻዋን ማውራት ትጀምራለች። እግዚአብሔር ይመስገን፣ አንቺስ እንዴት ነሽ የኔ እናት ትላለች። ኧረ እኛማ ለየላት ብለን ስንቱን አወራን! አንድ ቀን 'በሞቴ ማሚቱ፣ ከማን ጋር ነው የምታወሪው?' አልኳት።»

«ምን አለችሽ?»

«ተቆጣችኝ። 'ልጄ ሰላም ብላኝ እየጠበቀችኝ ነው፤ ካልመለስኩላት እንዴት ወደ ሥራዋ ትገባለች?' አለችኝ።»

አለቀስኩ። ያ ሁሉ አላፊ አግዳሚ የሚያውቀኝ በር ላይ፣ ኸድራ እቅፍ ውስጥ ተደፍቼ፣ እንደ ልጅ አለቀስኩ። ጥበቃው ምስኪን መንገዱን የሚያይ መስሎ ፊቱን አዞረ።

ማታ ስቱዲዮ ስገባ ኻሚስ ካሜራውን ትቶ መጣ።

«አንተ አልቅሷል» አለኝ።

«ኸላስ፣ ጨርሻለሁ» አልኩት በራሱ ቃል።

እንግዳዬ አቶ ዲማ ነበሩ፣ የመንገድ ሥራ የሚመለከታቸው ኃላፊ፤ ሸምገል ያሉ፣ ከረባታቸውን በየደቂቃው የሚነካኩ። ጠንካራው ወንበር ላይ ተቀምጠው ገና ሳይጀመር ላብ ላብ ብሏቸዋል። ኤጀታ ከላይ መቆጣጠሪያ ክፍል ነው፣ ድምፁ በጆሮዬ ይመጣል። መብራቱ በራ። ኻሚስ ጣቱን አነሳ።

«እንደምን አመሻችሁ።»

ዝም አልኩ። እግሯን ታጥባለች። ነጠላዋን ደርባለች። አቧራውን ጠርጋለች። *እግዚአብሔር ይመስገን* አለችኝ።

«ሊድያ፣ ቀጥይ» አለ ኤጀታ በጆሮዬ።

*አንቺስ እንዴት ነሽ የኔ እናት?*

«ሊድያ! አየር ላይ ነን እኮ!»

እስከዛሬ ሁሌ የማቋርጣት እዚህ ላይ ነበር። ኻሚስ ጣቱን አላወረደም። አቶ ዲማ አንዴ እኔን አንዴ ካሜራውን ያያሉ። አላቋረጥኳትም። የፈለገችውን ያህል ጊዜ ትውሰድ አልኩ። ሌሊቱ የነሱ አይደለም እንዴ?

*ከስተሻል ደግሞ። በልተሻል?*

«በልቻለሁ» አልኩ፣ ድምፄን አውጥቼ፣ ክልሉ ሁሉ እየሰማኝ።

ከዚያ ወደ እንግዳዬ ዞርኩ። በሙያችን ጋዜጠኛ ስለ ራሱ አይጠይቅም፤ ይኼን ለጀማሪዎቹ የማስተምረው እኔው ነኝ።

«አቶ ዲማ፣ እኔ እናቴ ጋ የምደርሰው መቼ ነው?»

«እ... በመጀመሪያ ደረጃ ይህን ዕድል ስለሰጣችሁኝ...» ብለው ጀመሩ፣ እንደማቋርጣቸው እርግጠኛ ሆነው። ዝም አልኳቸው። ምስጋናውን ጨረሱ። ባለድርሻ አካላቱን ጨረሱ። ቅንጅቱንም ጨረሱ። አሁንም ዝም ብዬ ዓይን ዓይናቸውን አያለሁ። የሚሉት አለቀባቸው። ኤጀታም በጆሮዬ ጭጭ ብሏል።

«እናትሽ የት ናቸው?» አሉኝ በመጨረሻ፣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው።

«ማንቡክ። ከማንቡክ ወጣ ብሎ።»

ከረባታቸውን ለቀቁት። «አላውቅም ልጄ» አሉ። «እውነቱን ልንገርሽ፣ መቼ እንደሆነ አላውቅም።»

በነጋታው ከተማው ተሳለቀብኝ። ባጃጁ ሁሉ «ሊድያ፣ በልተሻል?» እያለ ያልፋል፣ ባለማንጎዋ እንኳ አልማረችኝም። ኤጀታ ሊያባርረኝ ነው ብዬ ስጠብቅ ኮሪደር ላይ አገኘኝ። «የእኔ እናት ባምባሲ ናት» አለኝ፣ ጫማውን እያየ። «በመኪና ቅርብ ናት። ስንት ጊዜ ሆነኝ ሳልሄድ።» ዝምታዋን ይቁረጣት አይቁረጣት አልነገረኝም፣ እኔም አልጠየቅኩትም። ለእኔ ይኼ አዲስ ነገር ነው፣ ጥያቄ ማስቀረት።

ረቡዕ ተቀረጽን። ሐሙስ ማታ፣ ይህን ሥራ ከጀመርኩ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ፣ በዚያ ሰዓት ቤቴ ነበርኩ። ምን እንደምሠራ ግራ ገባኝ። ቴሌቪዥኑን ከፈትኩ። ዜናው እስኪያልቅ እግሬን ታጠብኩ። ነጠላ አወጣሁና ደረብኩ፤ ማን ያየኛል? ፊት ለፊቱ ቁጭ አልኩ። ሊድያ ሀብቱ ብቅ አለች፣ ተኳኩላ፣ እውነትም ከስታለች።

«እንደምን አመሻችሁ» አለች።

ድርግም! መብራት ሄደ። ሰፈሩ በሙሉ ጨለመ፣ ከጎረቤት «ወይኔ!» የሚል ድምፅ መጣ። ኤጀታ ቆርጧት ይሁን ትቷት አላየሁም። ሌላ ጊዜ ቢሆን ስልኬን አንስቼ ሰው ላይ እጮህ ነበር። ዝም ብዬ ተቀመጥኩ። የጠፋው ቴሌቪዥን ፊቴ አለ። ማንቡክ ወዲያ ያለውም እንዲህ ነው የሚሆነው፣ ትንሽ አነስ ይላል እንጂ። እዚያም አሁን ጨለም ብሏል፤ እናቴም አሁን ሰላም ተብላለች።

ቀና አልኩ። ነጠላዬን አስተካከልኩ።

«እግዚአብሔር ይመስገን» አልኩ። «አንቺስ እማዬ? አንቺስ በልተሻል?»

መልሷን ጠበቅኩ።